በየድራማው ሲሞቱ ለኖሩት ለጋሽ ሕሩይ

እሺ፣ ስሙኝማ! ዑስማን፣ ማይኩ ይሰማል? ባይሰማም ግድ የለም። እኔ ጠዋትና ማታ አንድ አውቶቡስ ሙሉ ተማሪ ዝም የማሰኝ ሴት ነኝ፤ እናንተ አታቅቱኝም። እዚያ ጥግ የቆማችሁ፣ ሳህናችሁን ይዛችሁ ተቀመጡ። ሶፋው ላይ ግን ሽሮ እንዳታንጠባጥቡ። ነገ ጠዋት ቀረጻ አለን፣ ሶፋው ካለፈው ክፍል ጋር መመሳሰል አለበት። ክትፎ የጠበቃችሁም ይቅርታ፤ ዛሬ ዓርብ ነው።

ለማታውቁኝ የሺእመቤት እባላለሁ። ለምታውቁኝ ደግሞ የአቶ አምባቸው ሚስት ነኝ። «የጋራ ግድግዳ» በሚለው ድራማችን ላይ ጋሽ ሕሩይ አቶ አምባቸውን ሆነው ሲጫወቱ፣ ይኸው ስድስት ዓመት አብሬያቸው በትዳር ኖሬአለሁ። የእውነቱ ባሌ ስለሺ ያውላችሁ፣ ምስሩ አጠገብ። እጅህን አውጣ ስለሺ፣ ይዩህ። ይሄ ምስኪን ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ አጠገቤ ቆሞ፣ ሰው ሁሉ «ባልሽ እንዴት ናቸው? ግፊታቸው ወረደላቸው?» ብሎ ሲጠይቀኝ ስንት ጊዜ ዝም ብሎ ሰምቷል መሰላችሁ። አንድ ቀን ብቻ መረረውና፣ «እኔም እኮ ግፊት አለብኝ፣ ማንም አይጠይቀኝም» አለ።

ጋሽ ሕሩይ፣ አይነሱ! ምን ፈልገው ነው? ውሃ? ሚካኤላ፣ ለአባትሽ ውሃ ስጫቸው። ዛሬ የእርስዎ ሥራ ቁጭ ብሎ መስማት ነው።

የመጡበትን ቀን ልንገራችሁ። ያኔ ይሄ አትላንታ ዳር፣ ፒችትሪ ኮርነርስ ያለው ስቱዲዮአችን መጋዘን ብቻ ነበር። ይሄ ሳሎን የለም፣ መኝታ ቤቱ የለም፤ ያለው ካርቶን፣ ሽቦና የካሜራ ባለሙያችን የዑስማን መብራት ነው። ፐርሚት የሚባለው የመሥሪያ ፈቃድም፣ እንዴት ልበላችሁ፣ ገና ፕሮሰስ ላይ ነበር። ነሐሴ ነው፣ ውጭ አስፋልቱ ይቀልጣል። ዑስማን በመስኮት ሲያይ አንድ ረጅም ሽማግሌ፣ ሱፍ ከነሰደርያው ለብሰው፣ ክራቫት አስረው፣ ጃንጥላ ይዘው ከኡበር ይወርዳሉ። በዚያ ሙቀት ሰደርያ የሚለብስ ሰው ማን ሊሆን ይችላል? «ኢንስፔክተር!» አለ ዑስማን፣ መብራቱን ድርግም አደረገው። ሁላችንም ተደበቅን። ኤልሮኢ፣ የድራማችን ጸሐፊና ዳይሬክተር፣ ፍሪጅ የመጣበት ካርቶን ውስጥ ገባ። እኔ ጠረጴዛ ሥር ነኝ።

በሩ ተከፈተ። «እንደምን አደራችሁ» የሚል ድምፅ ሰማን። ማን ይመልስ? ጭጭ። ሰውዬው ይወጣሉ ብለን ስንጠብቅ ጃንጥላቸውን ሲያስቀምጡ ሰማን። ከዚያ አንድ ነገር ጀመሩ። ይተነፍሳሉ። በአፍንጫ ይስባሉ፣ በአፍ ያስወጣሉ፣ እንደገና ይስባሉ። ጠረጴዛው ሥር ሆኜ «ኢንስፔክተሩ አስም አለበት፣ እዚሁ ሊሞትብን ነው» እላለሁ በልቤ። በመጨረሻ የኤልሮኢ ስልክ ካርቶኑ ውስጥ ጮኸ፣ ዑስማን ተስፋ ቆርጦ መብራቱን አበራ። ጋሽ ሕሩይ መሃል ላይ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ እጃቸውን ለቀቅ አድርገው ቆመዋል። ቀስ ብለው ገለጡና ከየጉድጓዱ ስንወጣ አዩን።

«ግሩም ነው» አሉ። «ለንደንም ልምምድ የምንጀምረው በጨለማ ውስጥ በመተንፈስ ነበር። እውነቱን ለመናገር፣ እዚህ ሥራውን እንዲህ በቁም ነገር ትይዙታላችሁ ብዬ አልጠበቅኩም።»

እኛም ኮራን። ይኸው ከዚያን ቀን ጀምሮ በየቅዳሜው ከቀረጻ በፊት መብራት አጥፍተን እንተነፍሳለን። አዲስ ሰው ሲመጣ «ይሄ የእንግሊዞች ዘዴ ነው» ብለን እናስተምራለን። እስከ ዛሬ ማታ ድረስ እውነቱን የነገራቸው የለም። ጋሽ ሕሩይ፣ ስንተነፍስ አልነበረም፤ ተደብቀን ነበር። ... ምን አሉ? «አውቄ ነበር»? ስድስት ዓመት ሙሉ አውቀው ነው ያስተነፈሱን? እናንተ፣ ስሙልኝ እንግዲህ!

ደህና፣ እኔም የማውቀውን ልናገር። ፔርሙሳቸውን የማያውቅ አለ? ያቺን አረንጓዴ የሻይ ፔርሙስ አንድ ቀን ኤልሮኢ በስህተት ካሜራው ፍሬም ውስጥ አስገብቷት፣ ተመልካች ኮሜንት ላይ «አቶ አምባቸው ፔርሙሱ ውስጥ ምን ይደብቃሉ?» እያለ ሁለት ሳምንት ሲከራከር ነበር። ቆመው ሲተኙስ? አልጋ እንዳይመስላችሁ፣ ወንበርም አይፈልጉም። ልብሱ እንዳይጨማደድ ግድግዳ ደገፍ ብለው ይተኛሉ፣ ኤልሮኢ «አክሽን» ሲል ዓይናቸውን ገልጠው «እኔኮ ለልጅቷ ያልኩት...» ብለው ይቀጥላሉ። ወንበር ሲገጫቸው ደግሞ «ይቅርታ» ይሉታል። ወንበሩን! አንድ ቀን ተቆጥቼ «ወንበሩ ነው ይቅርታ ሊልዎት የሚገባው» ብላቸው፣ «ቀድሞኝ ነው የቆመው፣ የሺ» አሉኝ።

ሥጋ ቤት የሆኑትንም ስሙ። በሦስተኛው ሲዝን አቶ አምባቸው ልጃቸውን ለጎረቤት ልጅ አልድርም ብለው ያስቸገሩ ጊዜ ነው። ጋሽ ሕሩይ አንድ ኪሎ የወጥ ሥጋ ሊገዙ ገቡ። ባለ ሥጋ ቤቱ አንድ ትልቅ አጥንት በላስቲክ ቋጥሮ ሰጣቸው።

«ወንድሜ፣ እኔ ያዘዝኩት ሥጋ ነው።»

«ልጅቷን ሲድሩ ሥጋ ይሰጥዎታል» አላቸው።

ሌላ ተዋናይ ቢሆን ይሳደባል፣ ወይም ሴልፊ ተነስቶ ይለጥፋል። እሳቸው አጥንቱን አመስግነው ይዘው መጡና ኤልሮኢን ለብቻው ጠርተው፣ «ልጄ፣ ይሄን ሠርግ በስንተኛው ክፍል ነው ያሰብከው? ቤቴ ሾርባ ብቻ ሆነ» አሉት።

ከኤልሮኢ ጋር ሲነጋገሩ መስማት ደግሞ ለብቻው ድራማ ነው። ኤልሮኢ እዚሁ ዲኬተር ተወልዶ ያደገ የኛ ልጅ ነው፤ ፊልም በዩኒቨርሲቲ ተምሯል፣ «እርስዎ» የሚለውን ቃል ግን ያስተማረው የለም። «ጋሽ ሕሩይ፣ ይሄን ላይን፣ ንግግሩን፣ ትንሽ ቢግ አድርገው፣ ላይክ፣ ጩህ!» ይላል። ጋሽ ሕሩይም፣ «ልጄ፣ ትልቁን ነገር የያዘችው የሺ ናት። እኔም ከጮህኩ ሕዝቡ ወደ ማን ይይ?» ይላሉ። ኤልሮኢ ትንሽ ያስብና «ኦኬ፣ ዛት ሜክስ ሴንስ፣ አትጩህ» ይላል። ስድስት ዓመት ሙሉ እንዲህ ነው።

እንግዲህ ከመካከላችሁ ጋሽ ሕሩይ እዚህ አትላንታ ጀምረው እዚህ የጨረሱ የሚመስላችሁ አላችሁ። አይደለም። ሰውዬው አርባ ዓመት የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ላይ የሠሩ ናቸው። ወጣት ሆነው ለንደን ምህንድስና ሊማሩ ሄደው፣ አንድ ጓደኛቸው የማታ የትወና ትምህርት ቤት ይዟቸው ሄደ፤ በቃ ምህንድስናው እዚያው ቀረ። እናታቸውም ኋላ መጥተው እዚያው ለንደን የራሳቸው ቤት ኖረዋል። ታዲያ ዋና ተዋናይ ሆነው አያውቁም። አጃቢ ነበሩ። ሐኪም ሆነው «በጣም አዝናለሁ» ብለው ከክፍሉ ይወጣሉ። ስሙ የማይጠራ አገር አምባሳደር ሆነው ሻይ ይጠጣሉ። ታክሲ ነድተዋል፣ ፍርድ ቤት ቆመው መስክረዋል፣ ቄስም ሆነዋል። ከሁሉ በላይ ግን ሟች ነበሩ።

የእንግሊዝ ፖሊስ ድራማ ያለ ሬሳ አይጀምርም፤ ሬሳውም ብዙ ጊዜ ጋሽ ሕሩይ ናቸው። በጥይት፣ በመርዝ፣ ከፎቅ ተገፍተው። «በኅዳር ወር ቦይ ውስጥ ተንሳፍፌ፣ ዳይሬክተሩ 'አትንቀጥቀጥ፣ ሬሳ አይበርደውም' ይለኝ ነበር» ብለውኛል። ለንደን መንገድ ላይ ሰው ያስቆማቸዋል። «ይቅርታ፣ የት ነው የማውቅህ?» ይላቸዋል። «ምናልባት ስሞት አይተውኝ ይሆናል» ይሉታል።

አጃቢ ተዋናይ ደግሞ ከስክሪፕቱ የሚሰጠው የራሱ ገጽ ብቻ ነው። ከሞተ በኋላ ያለውን ገጽ ምን ያደርግለታል? ስለዚህ ታሪኩ እንዴት እንዳለቀ ሳያውቁ ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። «ድራማው ሲተላለፍ አያዩትም ነበር?» አልኳቸው። «ከሞትኩ በኋላ ያለው የኔ ስለማይመስለኝ አላይም። ከገዳዮቼ ውስጥ እስከ ዛሬ የማላውቀው አለ» አሉኝ፣ ደግሞ ፈገግ ብለው።

እናታቸውስ? ይሄን ደግሞ ስሙ። እናትየው ልጃቸው በቴሌቪዥን ሲመጣ ጎረቤቱን ሁሉ ይጠሩ ነበር። እና ጋሽ ሕሩይ ቀድመው ይደውሉላቸዋል። «እማዬ፣ ዛሬ ማታ እሞታለሁ።» «መቼ ነው የምትሞተው?» «ደረጃውን ከወጣሁ በኋላ።» እናትየው እስከ ደረጃው ያያሉ፣ ልክ ልጃቸው ደረጃውን መውጣት ሲጀምር ቴሌቪዥኑን ያጠፉና ለጎረቤቶቻቸው፣ «በቃ፣ ቤቱ በሰላም ገባ» ይላሉ። ጎረቤቶቹ እንግሊዞች ናቸው፣ ግራ ይገባቸዋል። ጋሽ ሕሩይ «በአገሩ ሁሉ ስሞት፣ በእናቴ ቤት አንድም ቀን አልሞትኩም» ይላሉ።

እናትየው ካረፉ በኋላ ነው ሚካኤላ ወደምትኖርበት ወደ አትላንታ የመጡት፤ ሥራውን በቃኝ ብለው፣ አቮንዴል እስቴትስ ሰፈር ቲማቲም ሊተክሉ። ቲማቲሙ አልጸደቀም። እኛ ተጠቀምን።

አሁን ወደ ዘንድሮው ልምጣ። ይሄን ሳወራ ጋሽ ሕሩይ ሊቆጡኝ ነው፣ ይቆጡ።

በጥር ወር ልባቸውን ታመው ሆስፒታል ሰነበቱ። ተመስገን፣ ዳኑ። ሐኪሙ ግን ከመብራት ሥር የሚያስቆም ሥራ ይብቃዎት አላቸው፣ እሳቸውም በዚህ ሲዝን መጨረሻ ጡረታ እወጣለሁ ብለው ነገሩን። ኤልሮኢ ስክሪፕቱን ይዞ ጠፋ። አንድ ቅዳሜ ምሳ እየበላን መጣና፣ ሁላችን ፊት፣ እንዲህ አለ፦

«ጋሽ ሕሩይ፣ ላይክ... በመጨረሻው ክፍል ብትሞት ይደብርሃል?»

ሹካዬ ከእጄ ወደቀ። ከሆስፒታል ከወጡ ወር ያልሞላቸው ሰው! ጋሽ ሕሩይ ሻያቸውን ፉት አሉ።

«ከምሳ በፊት ነው ከምሳ በኋላ?»

«ከምሳ በፊት።»

«ጥሩ። ሞቼ ስበላ ይጣፍጠኛል» አሉና ሳቁ። ሁሉም ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም።

የዚያን ቀን ወደ ቤታቸው ያደረስኳቸው እኔ ነኝ። ሁለት ሰማንያ አምስት የሚባለው አውራ ጎዳና ላይ ትራፊኩ ቆሟል። ከዚያ፣ «የሺ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ፣ አትሳቂ» አሉኝ። «ሳስበው፣ አንድም ታሪክ እስከ መጨረሻው ኖሬ አላውቅም። መጨረሻ ላይ ሁሉም ገበታ ይቀርባል አይደል፣ ሙዚቃው ይመጣል፣ ስም ይወርዳል። እኔ የለሁም። ወይ ሞቻለሁ፣ ወይ ታስሬአለሁ፣ ወይ ረስተውኛል። አንድ ጊዜ እንኳ እዚያ ገበታ ላይ ብቀመጥ ደስ ይለኝ ነበር።» ቀጠል አድርገውም፣ «ግን ልጁ ሞቱን ጥሩ አድርጎ ጽፎታል። አደራ፣ እንዳትነግሪው» አሉ።

«አልነግረውም» ብዬ ቃል ገባሁ። ቃሌንም ጠብቄ፣ በማግስቱ ከቅዳሴ መልስ ለኤልሮኢ ነገርኩት።

«የሺ፣ አይ ጌት ኢት፣ ገባኝ» አለ። እውነቱን ነው፣ ልጁ ከልቡ አዘነ። «ግን ስቶሪው ሞቱን ይፈልገዋል። አባትየው ካልሞተ በጋብቻው ሰበብ የተጣላችው ልጅ ለምን ወደ ቤት ትመለሳለች?»

«ትመጣለቻ! ለፋሲካ ትመጣለች! ሰው ቤቱ የሚመለሰው ሰው ሲሞት ብቻ ነው እንዴ?»

«ኖ፣ ኢሞሽናል አይሆንም። ለቅሶው ነው ክላይማክሱ።»

የፈለግኩትን ብነግረው አልበገር አለኝ። እዚህ ላይ ሁሌም አልቃሽ ሆነው የሚሠሩልን የዕድራችን ሴቶች ተነሱ። ያውላችሁ፣ ያንን ጠረጴዛ የያዙት። «ከሆስፒታል ለወጣ ሰው በቁሙ አናለቅስም፣ ሟርት ነው፣ ከፈለግህ ራስህ አልቅስ» አሉትና አድማ መቱ። ኤልሮኢ ሌላ አልቃሽ ማግኘት ነበረበት፤ ፌስቡክ ላይ ማስታወቂያ ለጠፈ። በአማርኛ ራሱ ጻፈው፣ ለማንም አላሳየም። ምን ብሎ ጻፈ? «የአቶ አምባቸው ለቅሶ። ቅዳሜ ጠዋት፣ ፒችትሪ ኮርነርስ። ጥቁር ለብሳችሁ ኑ።» ከላዩ ላይ የጋሽ ሕሩይ ፎቶ። ድራማ የሚል ቃል የለም፣ ኤክስትራ፣ አጃቢ የሚል ቃል የለም!

ቅዳሜ ፓርኪንጉ ላይ ነጭ ድንኳን ተክለን፣ ፎቷቸውን ጥቁር ሪባን አስረን አቁመን፣ እኔም ጥቁሬን ለብሼ እጠብቃለሁ። ጋሽ ሕሩይ ውስጥ ግድግዳቸውን ደገፍ ብለው ተኝተዋል። መኪና መጣ። ሌላ መጣ። ከዚያ መንገዱ ሞላ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ወንዶቹ ካርቶን ውሃ ተሸክመው፣ ትሪ በትሪ ላይ ደርበው ገቡ። ገና ከበሩ «አምባቸዬ!» ያሉ አሉ፣ «ሕሩይዬ!» ያሉ አሉ፣ ሁለቱንም የጠሩ አሉ። አንዲት እናት ደረታቸውን እየደቁ፣ «ልጅህ ሳትታረቅህ! ከነቂምህ!» ይላሉ። ሌላዋ ደግሞ፣ «ለስንቱ ሐኪም ቤት ያስተረጎምክ፣ አስተርጓሚህ ማን ይሁን!» ይላሉ፤ ማስተርጎሙ የጋሽ ሕሩይ የራሳቸው በጎ ሥራ ነው። ማን ለየትኛው ሰው እንደሚያለቅስ ጠፋን።

ኤልሮኢ ዓይኑ በራ። «ኦ ማይ ጋድ! ኤክስትራዎቹ ገራሚ ናቸው! ፉድ ሁሉ ይዘው ነው የመጡት! ዑስማን፣ ሮል!»

ዑስማንም ቀረጸ። እኔ ትሪውን ከፍቼ ሳየው ትኩስ ንፍሮ ነው። ያኔ ገባኝ። ኤክስትራ ንፍሮ ቀቅሎ አይመጣም! «ኤልሮኢ፣ እውነት ነው! እውነታቸውን ነው!» ብዬ ስጮህ፣ እሱ ደግሞ አሪፍ ትወና መስሎት «ኪፕ ጎይንግ፣ ቀጥይ የሺ!» ይለኛል።

ይሄኔ ጩኸቱ የቀሰቀሳቸው ጋሽ ሕሩይ ፔርሙሳቸውን ይዘው ብቅ አሉ። «ምን ሆናችሁ? ማን ሞተ?» አሉ።

የሆነውን መናገር አልችልም። ሁለት ሰው ወደቀ። አንዱ ሰውዬ ውሃውን ጥሎ ወደ መኪናው ሮጠ። እኚያ ደረታቸውን ሲደቁ የነበሩት እናት ቀስ ብለው መጡና፣ በጣታቸው የጋሽ ሕሩይን ጉንጭ ነካ ነካ አድርገው ሥጋ መሆናቸውን ካረጋገጡ በኋላ በቦርሳቸው ጀርባቸውን መቷቸው። «ሰው እንዲህ ያስደነግጣል? ከሌሊት ጀምሮ ነው የቀቀልኩት!» ከዚያ አቅፈው አልለቅም አሉ። ምን እናድርግ? ሰው ከሎረንስቪል፣ ከስቶን ማውንቴን ድረስ መጥቷል፣ ምግቡ ቀርቧል። ድንኳኑ ሥር ተቀመጥንና የለቅሶውን ምግብ ከሟቹ ጋር በላን። ጋሽ ሕሩይ ንፍሮውን ቀመስ አድርገው፣ «እግዜር ይስጥልኝ። ጨው ግን ትንሽ አንሶታል» አሉ።

መሳቅ ይቻላል፣ እኔም ስቄአለሁ። አንድ ያልሳቀች ሰው ግን ነበረች። ሚካኤላ። ወሬውን የሰማችው ሥራ ቦታ ነው፤ እንዴት እንደነዳች እግዚአብሔር ይወቀው። መኪናዋን በሩ ላይ እንደከፈተች ትታ ገባች። አባቷ ንፍሮ ሲበሉ አየቻቸው፣ ቀጥ ብላ አልፋቸው ወደ ፎቶው ሄደች። ሪባኑን ፈታች፣ ፎቶውን በሁለት እጇ አንስታ መኪናዋ ውስጥ አስገባችና መጥታ ኤልሮኢ ፊት ቆመች። «ይሄን ፎቶ ከፈለግህ እኔን መጠየቅ አለብህ፣ ኦኬ? እኔን» አለችው። ፎቶውንም እስከ ዛሬ አልመለሰችለትም፣ ደግ አደረግሽ።

ሚካኤላ፣ ይቅርታ፣ አስለቀስኩሽ። እኔም እኮ ...

ቆይ። አንዴ።

እሺ። ጋሽ ሕሩይ፣ ይሄንን በቁም ነገር ልናገርዎት ነው፣ ወደ መሬት አይዩ። በአራተኛው ሲዝን ልጄን ከቤት የማስወጣበት ትዕይንት ነበር። ሕዝቡ ያለቀሰበት፣ ለኔ «ተሰጥኦ ያላት» የተባለልኝ። እውነቱን ማንም አያውቅም። ካሜራው እኔ ላይ ብቻ ነበር። የእርስዎ ክፍል አልቋል፣ መሄድ ይችሉ ነበር፤ ሌላው ሁሉ በእንዲህ ያለ ጊዜ ሻይ ሊጠጣ ይሄዳል፣ ንግግሩን ማንም ያነብልኛል። እርስዎ ግን ከካሜራው ጎን፣ ማንም የማያይዎት ቦታ ቆመው፣ እያንዳንዱን ቃል እንደ አዲስ ተናገሩልኝ። እንባዎ በጉንጭዎ ይወርዳል። እኔ ያለቀስኩት እርስዎን አይቼ ነው። ሲያልቅ፣ «ካሜራው እርስዎ ላይ የለም፣ ምን አስለቀሰዎት?» አልኩዎት። «የምታይው ሰው ያስፈልግሻላ» አሉኝ። በቃ ይሄው ነው መልስዎ።

እዚህ ካለነው ውስጥ ጋሽ ሕሩይ ከካሜራ ጎን ቆመው ያላገዙት ሰው ካለ እጁን ያውጣ። አያችሁ? የለም። አርባ ዓመት እንግሊዝ አገር፣ ስድስት ዓመት እዚህ፣ ሌላው ሰው ጥሩ እንዲታይ ቆመዋል። እግዚአብሔር ይስጥልን። ይሄን ያስተማረን ሌላ ሰው የለም፣ እወድዎታለሁ፤ ስለሺም ያውቃል።

አሁን ወደ ነገ ጠዋት ልምጣ። ነገ የመጨረሻው ቀረጻዎ ነው። ኤልሮኢ በዚህ ሳምንት ገጽዎን ሰጥቶዎታል፤ የእርስዎን ገጽ ብቻ። አልጋ ላይ ተኝተው፣ እጄን ይዘው፣ ከምሳ በፊት ይሞታሉ። አጥንተውታል፣ አውቃለሁ፤ ሚካኤላ ነግራኛለች፣ መስታወት ፊት ሲሞቱ ሰንብተዋል።

ጋሽ ሕሩይ፣ ያ ገጽ ውሸት ነው።

ረቡዕ ዕለት ኤልሮኢ አውቶቡስ የማቆምበት ድረስ መጣ። ከዚያች ቅዳሜ ጀምሮ እንቅልፍ አልተኛም፣ ፊቱ ይናገራል። «የሺ፣ ሞቱን መቅረጽ አልችልም። ልቤ እምቢ አለኝ» አለ። «ግን ካልሞተ፣ በሚቀጥለው ሲዝን የት ሄደ እንላለን?»

«ዶራቪል» አልኩት።

«ኋት?»

«ዶራቪል ሄዷል በለው። ቅመም ሊገዛ ወጥቷል፣ ሰው አግኝቶ ወሬ ይዞታል፣ አሁን ይመጣል። ዶራቪል ገበያ ገብቶ በጊዜው የተመለሰ ባል አሳየኝ። በየክፍሉ አንድ ሰው 'አቶ አምባቸው የታሉ?' ይላል፣ እኔ 'ዶራቪል' እላለሁ፤ ድራማው እስካለ ድረስ አሁን ይመጣሉ።»

ልጁ አውቶቡሱ ደረጃ ላይ ተቀምጦ እያለቀሰ ሳቀ። ደግሞ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ስሙኝ፣ «እርስዎ» አለ። «እርስዎ፣ እሳቸው ይደሰታሉ ብለው ያስባሉ?» አለኝ።

ስለዚህ ነገ የሚሆነው እንዲህ ነው። አልጋው የለም፤ ዑስማን ዛሬ ጠዋት አፍርሶታል፣ ገብተው ይዩት። ገበታው እዚህ፣ ይሄ ሳሎን መሃል ይቀርባል። ልጃችን ለፋሲካ መጥታለች። ጎረቤቶቻችን መጥተዋል። የዕድሩ ሴቶች አድማውን አቁመዋል፣ ማልቀስ ስለሌለ ዶሮውን ራሳቸው ይሠራሉ። ሁላችንም በአንድ ላይ እናወራለን፣ ማን ምን እንዳለ አይሰማም። ሙዚቃው ይገባል። ስም መውረድ ይጀምራል። እርስዎ ጠረጴዛው ራስ ላይ ነዎት፤ አልሞቱም፣ አልታሰሩም፣ ማንም አልረሳዎትም። እየበሉ ነው። ታሪኩ አለቀ፣ እርስዎ አሁንም እየበሉ ነው።

አይ ጋሽ ሕሩይ... ይሁን፣ ያልቅሱ። ለዛሬ ተፈቅዷል።

ሁላችሁም ተነሱ! ብርጭቆ የያዘ ብርጭቆ፣ ውሃ የያዘ ውሃ። ልብዎ ይጽናልን፣ ሐኪምዎ ሥራ ይፍታ። ዘንድሮ ቲማቲሙ እሺ ይበልዎ። የሚካኤላን ልጆች ድረው፣ በሠርጋቸው እስኪደክምዎ ይጨፍሩ፤ ማንም ከመሃል አያስወጣዎ። ለጋሽ ሕሩይ፣ ለጤናዎ! እንዲህ ነው! እልል በሉ እንጂ!

ነገ በጠዋት እጠብቅዎታለሁ። ቁርስ በልተው እንዳይመጡ።